የጫፉ ድርሻ

ሸራ ሰፊዋ የቦታ ክፍፍሉ ወረቀት ላይ የፈረመችው የእናቷን ጀርባ እያጠበች ሳለ ነው። አልጋ ላይ ከዋሉ ስድስት ዓመት የሆናቸውን እናቷን የምታጎርሰውም የምታገላብጠውም እሷ ነበረች። ታላቅ ወንድሟ ግንበኛው አልፎ አልፎ በር ላይ ቆሞ «እንዴት ናችሁ» ብሎ ይሄዳል። የዚያን ቀን ግን ገብቶ ተቀመጠ።

«የአባባን ቦታ እንካፈል» አላት። «ሦስት ማዕዘን ስለሆነ ያስቸግራል። ቁመቱን መሃል ለመሃል ቆርጠን እኔ የመንገዱን በኩል ልያዝ፣ አንቺ የጫፉን። እኩል ለእኩል።»

«አንተ ካልክ እኔ ምን እላለሁ፣ ጋሼ» አለችና እርጥብ እጇን በቀሚሷ አድርቃ ፈረመች። ዕድሜዋን ሙሉ ድንኳንና የመኪና ሸራ ስትሰፋ የኖረች ናት። ምኞቷ አንድ ነበር፤ ትልቅ ሸራ ሳይታጠፍ የሚዘረጋበት የራሷ ቤት።

አጥሩ ከቆመ በኋላ ልታይ ሄደች። ገና ከሩቅ ስታየው የእሷ ድርሻ አነሰባት። ሜትሯን ከቦርሳዋ አወጣች። በመንገዱ በኩል ወርዱ አርባ ሜትር፣ ከመንገዱ ቀጥ ብሎ እስከ ጫፉ ሠላሳ። የሦስት ማዕዘን ሸራ ሒሳብ እንጀራዋ ነው፤ ወርድ በቁመት ተባዝቶ ለሁለት ይካፈላል። ሙሉው ቦታ ስድስት መቶ ካሬ ሆነ። የእሷ ጫፍ ቁመቱ አሥራ አምስት ነው፤ ወርዱ ግን እየጠበበ መጥቶ አጥሩ ጋ ሃያ ብቻ ቀርቷል። ሃያ በአሥራ አምስት ሦስት መቶ፤ ግማሹ መቶ ሃምሳ። ደግማ ለካች። ያው መቶ ሃምሳ። ሩብ።

ወንድሟ ከአጥሩ ወዲያ ሲሚንቶ ያቦካል።

«ጋሼ፣ ተሳስተሃል። የቁመቱ ግማሽ የቦታው ግማሽ አይደለም እኮ።»

አካፋውን ተደግፎ ሳቀባት። «ሠላሳ ዓመት ጣሪያ ሳቆም ኖሬ ሦስት ማዕዘን ይጠፋኛል? አውቃለሁ። አንቺም ፈርመሻል።»

«እህትህ አይደለሁም?»

«እኔን ለቀቅ አድርጊኝ፤ እማዬን ጠይቂያት። እንዲህ ቁረጠው ያለችኝ እሷ ናት።»

በሩጫ ቤት ደረሰች። «እማዬ፣ ታውቂ ነበር?»

እናት ዓይናቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። «እሱ ልጆች አሉት። አንቺ ማን አለሽ?»

«አንቺ አለሽኝ።»

«እኔማ ዛሬ ነገ ሟች ነኝ። ይልቅ ወገቤን አሞኛል፤ አገላብጪኝ።»

አገላበጠቻቸው። በማግስቱ ወደ መሬት ጽሕፈት ቤት ሄደች። ጸሐፊው ወረቀቱን አገላብጦ አየና «ቁመቱ እኩል ይቆረጥ ይላል፤ ተቆርጧል» ብሎ መለሰላት።

ከዓመት በኋላ ወንድሟ ቤቱን ጨረሰ። እሷም ጫፉ ላይ አንዲት ጠባብ ክፍል ሠራች፤ ትልልቁን ሸራ ግን ደጅ ጠጠር ላይ ነው የምትዘረጋው፤ የወንድሟ ልጆች በጭቃ ጫማቸው ይሮጡበታል።

አንድ ጠዋት እናት «ወደ ልጄ ቤት ውሰጂኝ፤ አዲሱን ቤት ልየው፤ እዚያው ልሙት» አሉ። ሄዳ ነገረችው። ወንድሟ ጥርሱን በስንጥር እየጎረጎረ «ይሸታታል፤ እንግዳ ይመጣብኛል። እዚያው ትሁን» አላት።

ድሮ ቢሆን መንገድ ላይ ሌላ ምክንያት ፈጥራ ትገባ ነበር። አሁን ግን አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠችና አንዲት ቃል ሳትቀንስ፣ ፊታቸውን ትኩር ብላ እያየች ነገረቻቸው።