በመድረክ ላይ የተሰጠ በትር

ሌዎካዲያ በኦአሃካ ተራሮች ከምትገኘው ከያላቪ መንደር የወጣች የመጀመሪያዋ ጠበቃ ናት። ከተማ ስትማር በሳፖቴክ ቋንቋዋ ሲስቁባት፣ እልህ ይዟት በዚያው ቋንቋ ቲያትር መጻፍ ጀመረች። የመንደሩ ሰው ግን ከቲያትሯ ይልቅ የሚኮራው በአንድ ሙግቷ ነው። መንግሥት የያላቪን ሹም «የተመረጠበት ወረቀት የለም» ብሎ አልቀበልም ባለ ጊዜ ችሎት ቆማ፣ «እኛ ዘንድ በሸንጎ ፊት የሹመት በትሩን በሁለት እጁ የተቀበለ ሹም ነው፤ ወረቀት አያሻውም» ብላ ረታች።

ከዚያ ወዲህ ያን በትር ራሷ መቀበል ተመኘች። ደንቡ ከታች ጀምሩ ስለሚል የመንደር ዘበኛ ሆና ሰካራም ገላግላለች፤ የቤተ ክርስቲያን ደጅ ጠርጋለች፤ ቦይ ስታስጠርግ ጭቃ ውስጥ ውላለች። ሁሉም ያለ ደመወዝ ነው። ዘንድሮ ተራው የእሷ መሆኑን የሚጠራጠር አልነበረም።

ሹመቱ በመንደሩ ዓመታዊ በዓል ማግሥት ነው። በበዓሉ ዕለት ሸንጎው ተሰብስቦ በቅጠል የተጠቀለለ የበቆሎ ታማሌውን እየበላ ሳለ ስለ አንድ ፈሪ ሹም የጻፈችውን ቲያትር አሳየች። ፈሪውን ሹም የሚጫወተው ቀልደኛው ጡብ ሠሪ ቴዎፊሎ ነው። እሱም የአገልግሎት ተራውን ጨርሷል፤ ለሹመት ያሰበው ግን የለም።

ለቲያትሩ የተሠራው በትር ጠዋት ሰው ተቀምጦበት ተሰብሮ ነበር። ሌዎካዲያ ተሰናባቹን ሹም «አያ ሲልቬርዮ፣ እውነተኛውን ለአንድ አፍታ ያውሱን» አለቻቸው።

«በትር አይዋስም፣ ልጄ። ራሴ ወጥቼ እሰጠዋለሁ።»

ወጡና ሰጡት። ቴዎፊሎ በሁለት እጁ ተቀብሎ ሳመው። ሰው መሳቅ ጀመረና ወዲያው ጸጥ አለ። አንዱ ሽማግሌ ባርኔጣቸውን አወለቁ፤ ሌሎቹም ተከተሉ።

«ኧረ ቲያትር ነው!» አለ ቴዎፊሎ። «ጡብ እሳት ላይ ጥጄ ነው የመጣሁት!»

«ተቀብለሃል፤ ሁላችንም አይተናል» አሉት ሽማግሌው። ወደ ሌዎካዲያም ዞሩ። «ሕጉን የምታውቂው አንቺ ነሽ። ምን ትያለሽ?»

«ጨዋታ ነው» ብትል በማግሥቱ በትሩ የእሷ ነው። ግን ሸንጎ ያየውን ዛሬ እሷ ጨዋታ ካለችው፣ መንግሥትም ነገ ሹመቱን ሁሉ ጨዋታ እንደሚለው ታውቃለች። በሕይወቷ እንደዚያ ቀን መዋሸት አምሯት አያውቅም።

«ሸንጎው አይቷል?» አለች።

«አይቷል።»

«እንግዲያው ሹም ነው።»

ቴዎፊሎ በትሩን እንደያዘ ወደ መድረኩ ጫፍ መጣ። ላብ አጥምቆታል።

«ጠበቃችን፣» አለ ቀስ ብሎ፣ «ከዚህ በኋላ ምን እንደምናገር አላውቅም።»

«እኔም አልጻፍኩትም» አለችና የመድረኩን ጥቁር መጋረጃ ዘጋች። ከመጋረጃው ኋላ ቁጭ ብላ አለቀሰች።