«ላ ማላ» ያልኳት እናቴ

ልጅ እያለሁ ከትምህርት ቤት ስመለስ የምገባው ወደ ቤታችን አልነበረም። እናቴ ከሥራ እስክትወጣ ድረስ፣ ውጭ አገር፣ ላንግሊ ፓርክ በሚባል ሰፈር በነበረው አፓርታማችን ከበራችን ፊት ለፊት የሚኖሩት ሳልቫዶራዊቷ ዶኛ ማርታ ይጠብቁኝ ነበር። ቤታቸው የተጠበሰ ሙዝና በረኪና ይሸታል። ጫማዬን አውልቄ ሶፋው ላይ ስወጣ የስፓኒሹ ድራማ ተጀምሯል።

የድራማዎቹ ስም ይለያይ እንጂ ታሪካቸው አንድ ነበር። ቆንጆዋ የቤት ሠራተኛ ታለቅሳለች፣ ታለቅሳለች፣ መጨረሻ ላይ ታገባለች። ፋብሪካውን የምታስተዳድረው ሴት ግን ሁልጊዜ ክፉ ናት። ከንፈሯን ቀይ ተቀብታ ታዛለች፣ ትፈርማለች። መጨረሻዋ ወይ እሳት ነው፣ ወይ እብደት፣ ወይ ዊልቸር። ያ ቀን ሲደርስ ዶኛ ማርታ «ላ ማላ!» እያሉ ያጨበጭባሉ፤ ክፉዋ ማለታቸው ነው። እኔም አብሬ አጨበጭባለሁ።

ዘጠኝ ዓመት ሲሆነኝ እናቴን ሲልቨር ስፕሪንግ በምትሠራበት ሆቴል ሱፐርቫይዘር አደረጓት። ስድስት ዓመት ሙሉ ክፍል ስታጸዳ ነው የኖረችው። የዚያን ቀን ጥቁር ኮት ለብሳ፣ ፊቷ በርቶ መጥታ ወሰደችኝ። ቤት ስንገባ አባቴ ቀና ብሎ አያትና፣ «እንግዲህ እኛንም ማኔጅ ልታደርጊን ነው?» አላት። ሳቀች። ወዲያው ስልኳ ጮኸ፤ ለአንዷ ሠራተኛ የነገውን ሺፍት ኮስተር ብላ ነገረቻት።

«እማዬ፣ ላ ማላን መሰልሽ» አልኳት።

«እሷ ደግሞ ማን ናት?»

«ድራማው ላይ ያለችው ክፉዋ ሴትዮ። የምትቃጠለዋ።»

አባቴ ሆዱን ይዞ ሳቀ። «ይኸው፣ ልጅሽም ገብቷታል!»

ከዚያ ወዲህ እንግዳ ፊት ሳይቀር ላ ማላ እያለ ይጠራት ጀመር። የቸርች እህቶች ቤታችን ተሰብስበው፣ ትሕትና እንዲሰጣት እጃቸውን ጭነው ጸለዩላት። «ለትዳርሽ ስትይ ይህን ሥራ ተይው» አሏት። ሦስት ወር ሳይሞላ ወደ ክፍል ማጽዳቱ ተመለሰች። ዛሬም ድረስ የሚያማት ትከሻዋ የተጎዳው ከዚያ በኋላ ፍራሽ ስታነሳ ነው።

ዛሬ እናቴ አስፐን ሂል ከእኔ ጋር ትኖራለች። ባለፈው ቅዳሜ አንድ አዲስ የስፓኒሽ ድራማ አብረን አየን። ኩባንያውን የምትመራው ሴት ዋናዋ ባለታሪክ ናት። ታዛለች፣ ትፈርማለች፣ ማንም አያቃጥላትም። ደስ ሊለኝ ሲገባ ደሜ ፈላ። እናንተ ድራማ ሠሪዎች፣ ያኔ የት ነበራችሁ? የዘጠኝ ዓመት ልጅ እናቷን በምን እንደምትሰድብ ያስተማራችኋት እናንተ አይደላችሁም? እነሱስ ታሪካቸውን ቀየሩ፤ የእናቴን ዓመታት ማን ይቀይራል? በአባቴ ተናደድኩ፣ በጸለዩት ሴቶች ተናደድኩ፣ ከሁሉም በላይ ግን በራሴ።

«እማዬ፣ ያን ሥራ የተውሽው በእኔ ምክንያት ነው?» አልኳት።

ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ አላነሳችም። «አንቺ ልጅ ነበርሽ። አባትሽ ግን ልጅ አልነበረም።»

የቴሌቪዥኑን ድምፅ ቀነሰችው።

«አሥራ አንድ ሴቶች ነበሩ በእኔ ሥር» አለች። «አንዷንም አስለቅሼ አላውቅም።»