እርሾ አላችሁ?

አባቴ ጮክ ብሎ ሲዘምር ሰምቼው አላውቅም። ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ የመጣን ሰሞን የአሜሪካኖችን ቸርች ለእሑድ ከሰዓት ተከራይተን፣ ድምፅ ማጉያው መስኮቱን ሲያርገበግበው እንኳን እሱ ከንፈሩን ብቻ ነበር የሚያንቀሳቅሰው። እኔ ደግሞ አያስችለኝም። «አባዬ፣ እዚህ እኮ ማንም አይከለክልህም!» እለዋለሁ። «አፌ ለምዶበት ነው ልጄ» ይለኛል። «እንግዲህ እንዳልክ» ብዬ እተወዋለሁ።

ምን እንዳስለመደው የማውቀው እናቴ ስታወራ ሰምቼ ነው፤ እኔ ያኔ የሦስት ሳምንት ሕፃን ነበርኩ። ደርግ የጴንጤዎችን ቸርች አሽጎ፣ እምነቱን «መጤ ሃይማኖት» ብሎ፣ ተሰብስቦ የተገኘውን ሁሉ እያፈሰ የሚያስርበት ጊዜ ነው። የአዲስ አበባው ቤታችን ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት ጸሎት ቤት ይሆናል። ሰባት ስምንት ሰው ይመጣል፤ ራዲዮኑ ከፍ ይደረግና ከሥሩ በሹክሹክታ ይዘመራል። የሚሰበስባቸው የእናቴ ታናሽ ወንድም ነበር። የይለፍ ቃሉንም ያወጣው እሱ ነው። የሚያንኳኳው ሰው «እርሾ አላችሁ?» ካለ ከወገን ነው፣ ይከፈትለታል። ሌላ ነገር ካለ መጽሐፍ ቅዱሱ ፍራሽ ሥር ይገባና ጠረጴዛው ላይ ካርታ ይበተናል። ጴንጤና ካርታ! «ሰው እርሾ ቢለምን ማን ይጠረጥራል?» ብሎ ነበር አሉ አጎቴ። አይ የወንድ ነገር! ሊጥ አቡክቶ የማያውቅ ሰው ያወጣው ቃል መሆኑ ያስታውቃል። የጎረቤት እርሾ የእውነት ሊያልቅ እንደሚችል አንዳቸውም አላሰቡም።

ከአጥር ወዲያ የሚኖሩ ኦርቶዶክስ ጎረቤት ነበሩን። ለእናቴ የአራስ ገንፎ ያገነፉላት፣ እኔን ገላዬን ያጠቡኝ እሳቸው ናቸው። ቤታችን ውስጥ ስማቸው አይጠራም፣ «እሷ» ነው የሚባሉት፤ እኔም እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ «እሷ» ነበር የምላቸው። አንድ ሐሙስ እርሾ አለቀባቸውና መጥተው አንኳኩ። «እርሾ አላችሁ?» አሉ። ተከፈተላቸው። ሰዉ ሁሉ ተንበርክኳል፣ መጽሐፉ ተዘርግቷል፣ አጎቴ ዓይኑን ጨፍኖ እጁን አንሥቷል። ጎረቤታችን «ውይ በሞትኩት! እንግዳ አለባችሁ ለካ» ብለው እርሾውን ሳይወስዱ ተመለሱ።

በዚያው ሳምንት አባቴን ቀበሌ ጠርቶት አድሮ መጣ። የታሪክ አስተማሪ ስለነበረ «የትምህርት ቤት ጉዳይ ነው» አለ፤ ማንም ልብ አላለውም። በሚቀጥለው ሐሙስ የቀበሌ ሰዎች ጠመንጃ ይዘው መጡ። በሩን አንኳኩና ከውጭ ሆነው «እርሾ አላችሁ?» አሉ። ተከፈተላቸው።

ሁሉንም ወሰዷቸው። አባቴን በአምስተኛው ቀን ለቀቁት፤ አራስ ሚስት ስላለችው እግዚአብሔር አሰበው ተባለ። አጎቴ ግን እንደገባ ቀረ። በሁለተኛው ዓመት የእስር ቤቱ ዘበኛ ለእናቴ የአጎቴን ሹራብ አስረክቦ «ከዛሬ በኋላ ስንቅ አታምጪ» አላት። ሲሞት ገና ሃያ አራት ዓመቱ ነበር። እናቴ ማን እንደጠቆመ አልጠፋትም። ተንበርክከው ያየቻቸው እሷ ናት፣ ሌላ ማን አለ?

ጉድ እኮ ነው፣ እኚሁ ሴትዮ ልጃቸው አስመጥቷቸው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ከኛ ሕንፃ ሁለት ፌርማታ ርቀው መኖር ጀመሩ። እናቴ የሐበሻ ሱቅ ውስጥ ያየቻቸው ቀን የያዘችውን በርበሬ እዚያው ትታ ወጣች። ከዚያ በኋላ ሱቅ ቀየርን። ሰርግ ላይ እሳቸው ካሉ ምግብ ሳይቀርብ እንወጣለን። ወሬው ተዛመተና «የሰው ደም ያለባት ናት» ተባለ፤ የሚያስጠጋቸው ሰው እየቀነሰ መጣ። አንድ ቀን አውቶቡስ ስጠብቅ አጠገቤ መጥተው ቆሙ። «ልጄ፣ ገላሽን ያጠብኩሽ እኔ ነኝ። እናትሽን ምን በደልኳት? ንገሪኝና እግሯ ሥር ልውደቅ» አሉኝ። እኔ ደግሞ ጉረኛዋ፣ የእናቴ ጠበቃ፣ «እርስዎ ያውቁታል» ብዬ ፊቴን አዞርኩ። ዓይናቸው እንባ ሞላ። አውቶቡሴ መጣና ገባሁ።

አባቴ በዚህ ነገር አይገባም። እናቴ ሴትዮዋን መርገም ስትጀምር ብድግ ብሎ መኪናውን ሊያሞቅ ይወጣል። ዲሲ ታክሲ ይነዳ ነበር፤ ዩ ስትሪት ላይ ቆሞ ሰው ሲጠብቅ ከላይብረሪ የተዋሰውን የታሪክ መጽሐፍ ያነባል። አስተማሪነቱ አልለቀቀውም። በተለይ የሜሪላንድን ካቶሊኮች ነገር ስንት ጊዜ እንደነገረኝ! «ይህን ሜሪላንድን የመሠረተው የካቶሊክ ቤተሰብ ነው፣ ወገኖቹ እንዲጠጉበት ብሎ» ይላል። «ኋላ ሥልጣኑ ከእጃቸው ወጣና ሕግ ወጣባቸው። ቅዳሴ በሰው ሳሎን ውስጥ ካልሆነ ክልክል። መምረጥ ክልክል፣ መሾም ክልክል፣ ግብሩ እጥፍ። ወንዙን ተሻግረሽ ቨርጂንያ ስትገቢ ደግሞ ያለ ፈቃድ የሰበከ ባፕቲስት እስር ቤት ነው። እዚሁ እኛ ያለንበት ቦታ!»

አንድ እሑድ ከቸርች መልስ ይዞኝ ወደ ደቡብ ሜሪላንድ ነዳ። አሮጌ የጡብ ቤት ነው፣ ያኔ ካቶሊኮች ተደብቀው ይቀድሱበት የነበረ። አስጎብኚዋ ስታወራ እሱ ከኋላ ቀርቶ ግድግዳውን በጣቱ ይቆረቁራል። «ምን ታደርጋለህ?» አልኩት። «ድምፅ ያስወጣ እንደሆን ነው» አለኝ። ስንመለስ መኪና ውስጥ፣ «እንግሊዞቹ ቄስ ላስያዘ ሰው ሽልማት ደንግገው ነበር» አለ። ከዚያ፣ «ስለ ቄሱ ይጽፋሉ፣ ስለ ሕጉ ይጽፋሉ። የጠቆመው ሰውዬ ግን ምን ገጥሞት እንደጠቆመ አንድም መጽሐፍ አይልም» አለ። ለአጎቴ ያዘነ መስሎኝ እጁን ያዝኩት።

ሰባ ዓመት ሲያልፈው መርሳት ጀመረው። መጀመሪያ መንገድ፣ ቀጥሎ የሰው ስም። እናቴ ብቻዋን አልቻለችውም፣ እኔ ሥራ ነኝ። አልጋ የተገኘው ቨርጂንያ፣ አሌክሳንድሪያ ያለ የአዛውንቶች ነርሲንግ ሆም ሆነና እዚያ አስገባነው። የዚያን ቀን እናቴ እስከ ቤት ድረስ መኪና ውስጥ አለቀሰች። እሱም እዚያ ገብቶ አላረፈም። ቲቪውን እስከ መጨረሻው ከፍ ያደርገዋል። ጎረቤቶቹ ይጮሃሉ፤ ነርሶቹ ጆሮው ደክሟል ብለው ማዳመጫ አዘዙለት። ከጫጫታው ሥር ከንፈሩ እንደሚንቀሳቀስ ያየሁት እኔ ብቻ ነኝ። በር በተንኳኳ ቁጥር ደግሞ «እርሾ በሉ! እርሾ በሉ!» እያለ ወንበሩን በሩ ላይ ያስደግፋል። እዚያ የምትሠራ አንዲት ሐበሻ ልጅ አንጀቷን በላትና ከቤቷ በብልቃጥ እርሾ ይዛለት መጣች። «አባባ እንጀራ ናፍቋቸው መስሎኝ እኮ ነው» አለችኝ። ሁለታችንም ሳቅን። እሱ ግን ብልቃጡን እንዳየ ፍራሹ ሥር ደበቀው አለች።

አንድ ማክሰኞ ከሥራ በቀጥታ ወደሱ ሄድኩ። ሆስፒታል ሬጅስትሬሽን ነው የምሠራው፤ ሰው ሲገባ ስም፣ አድራሻ፣ ኢንሹራንስ እየጠየቅሁ እሞላለሁ። ቤልትዌይ የሚሉት የቀለበት መንገድ ተዘጋግቶ አንድ ሰዓት ተኩል ስለፈጀብኝ ተናድጄ፣ ባጄን ከአንገቴ ማውለቅ እንኳ ረስቼ ገባሁ። ሶሻል ወርከሯ ፎርም ሰጠችኝ። ሃይማኖቱን ካወቁ ቄስ ወይም ፓስተር ይልኩለታል። አባቴ ወንበሩ ላይ ፊቱን አጨፍግጎ ተቀምጧል። ላስቀው ብዬ የሥራ ድምፄን አወጣሁ። እስክሪብቶዬን ደግኜ፣ «ሙሉ ስምዎ? አድራሻዎ? ሃይማኖትዎ?» አልኩት። ምነው አፌን በቆረጠው!

ብድግ አለ። ባጄን አየ፣ ወረቀቱን አየ።

«የለኝም፣ ጓድ» አለ።

«አባዬ፣ እኔ ነኝ እኮ!»

«እኔ ከነሱ ጋር አይደለሁም፣ ጓድ። የሚሰበስባቸው እሱ ነው፣ የሚስቴ ወንድም። ሐሙስ ሐሙስ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ። ዝም ብላችሁ ካንኳኳችሁ አይከፍቱም። እርሾ አላችሁ በሏቸው። እርሾ። ይጻፉት።»

«አባዬ በእግዚአብሔር…»

«ይጻፉት እንጂ!» ብሎ ጮኸ። እንደዚያ ሲጮህ ሰምቼው አላውቅም።

ጻፍኩ፣ ምን ላድርግ! ሃይማኖት ከሚለው ጎን የአጎቴን ስም በአማርኛ ጻፍኩ። የሌሎቹንም ስም አንድ በአንድ ነገረኝ። የኔን ስም የረሳ ሰው የነሱን አንዱንም አልዘነጋም። ሲጨርስ ተቀመጠና በቀስታ፣ «ሚስቴ አራስ ናት፣ ጓድ። ሴት ልጅ ነው የወለደችልኝ። አሁን ቤቴ ልሂድ?» አለኝ።

«ይሂዱ» አልኩት።

ፓርኪንጉ ውስጥ መኪናዬን ከውስጥ ቆልፌ ጮኼ አለቀስኩ። ጎረቤታችን እርሾ የይለፍ ቃል መሆኑን ከየት ያውቁታል? እሳቸው ያዩት የተንበረከከ ሰው ነው። በር ላይ መጥተው «እርሾ አላችሁ?» ያሉት ሰዎች ቃሉን የሰሙት ከውስጥ ሰው ነው። ይህን ለማወቅ ምንም ብልሃት አይጠይቅም፤ ሠላሳ ምናምን ዓመት ሙሉ ግን እናቴም እኔም አላሰብነውም፣ ማሰብ ስላልፈለግን። አባቴን መጥላት አቃተኝ። ባደረበት ቀን ምን እንዳሳዩት፣ በምን እንዳስፈራሩት አላውቅም። ለኔ ሲል ነው ብዬ ራሴን ላጽናና ስሞክር ይባስ ይከፋኛል። አጎቴ የሞተው እኔ አባት እንዲኖረኝ ነው ማለት ነዋ!

ፎርሙን ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ ለሶሻል ወርከሯ ሌላ ሞላሁላት። ለእናቴ ግን መንገር ነበረብኝ። እኚያ ሴትዮ እያረጁ ነው፤ ስማቸውን የሚያጠራላቸው ሰው ከኔ ሌላ በዓለም ላይ የለም። «ዛሬ እነግራታለሁ» ብዬ ስገባ እናቴን ለአባቴ በኔ የምትልክለትን አጥሚት በፔርሙዝ ስትሞላ አገኛታለሁ። «ትናንት ወደደው?» ትለኛለች። «ወደደው» እላታለሁ። ነገ እላለሁ፣ ነገም እንዲሁ ይሆናል። በወሩ አባቴ አረፈ።

አፓርታማችን በለቀስተኛ ተሞልቶ ወንበር እስከ ኮሪደሩ ድረስ ተደረደረ። በሦስተኛው ቀን ከቀትር በኋላ በሩ ተንኳኳና ከፈትኩ። እሳቸው ናቸው። ጥቁር ለብሰው፣ በፎጣ የተጠቀለለ ድስት ታቅፈው። ከአውቶቡሱ በእግር ስለመጡ ትንፋሽ አጥሯቸዋል። «እግዜር ያጥናሽ ልጄ። ደግ ሰው ነበሩ አባትሽ። እናትሽን በዓይኔ ብቻ ልያት ብዬ ነው፣ አልቀመጥም» አሉኝ።

እናቴ ከተቀመጠችበት ፍራሽ ላይ ሆና አየቻቸው። «እሷ ከገባች እኔ እወጣለሁ!» አለች። ሰው ሁሉ የሚያየው እኔን ነው። «እማዬ፣ እሳቸው አይደሉም።» ሦስት ቃል ነው። ከእናቴ ራስ በላይ የአባቴ ፎቶ ተሰቅሏል፤ የቸርቹ ሰዎች ከሥሩ «ስለ እምነቱ የታሰረ» ብለው አጽፈውበታል። አፌን ከፈትኩ።

«እትዬ፣ ሌላ ቀን ይምጡ» አልኳቸው።

«እሺ ልጄ» አሉ። ድስቱን እጄ ላይ አስቀመጡና ግድግዳውን እየተደገፉ ወደ ሊፍቱ ሄዱ። በሩን ዘጋሁት። እናቴ ጠርታ አጠገቧ አስቀመጠችኝ። በሰው ሁሉ ፊት ራሴን እየዳበሰች፣ «የአባትሽ ልጅ!» አለችኝ።