ለነጻ ሕክምና ያዋስኩት ኮት

«ጓድ፣ ይህን የመሰለ ኮት ለብሰህ ድሃ ነኝ ትላለህ?» ብለው የቀበሌው ኮሚቴ አባላት ዛሬ ጠዋት ሳቁበት።

የተሳቀበት ጎረቤቴ ሸማኔው ጋሽ ጴጥሮስ ነው። ኮቱ ግን የባለቤቴ ነው፤ ትናንት ያዋስኩት እኔው ነኝ፣ ወይ እኔ!

ሚስቱ ማርታ ከታመመች ሰንብታለች። ሆስፒታል በነጻ የሚያክማት ደግሞ ቀበሌው «መክፈል አይችሉም» ብሎ ሲጽፍላቸው ብቻ ነው።

እዚህ ጋሞ ምድር ሽማግሌ ፊት በአሮጌ ልብስ መቅረብ ነውር ነው። እኔ ከሰሜን መጥቼ ይህን ከተማርኩ ወዲህ፣ ከአገሬው በላይ የአገሩ ሰው ሆኛለሁ። «በዚያች በተቀደደች ጋቢህማ ኮሚቴ ፊት አትቆምም!» ብዬ ተቆጣሁት።

ምሳ ሰዓት ላይ ወረቀቱን ተከልክሎ መጣና ኮቱን አጣጥፎ መለሰልኝ። «እህቴ፣ ሊቀመንበሩ በጣም ወደውታል» አለኝ።

«የውሰት ነው አትላቸውም ነበር?»

«ሚስቴን አሳክሙልኝ ብዬ ለመንኩ። በዚያ ላይ የለበስኩትም የሰው ነው ልበል?»

ኮሚቴው እንደገና የሚሰበሰበው በሚቀጥለው ሳምንት ነው። አብሬው ሄጄ እውነቱን እናገራለሁ፤ የማርታ ሳል ግን ስብሰባ አይጠብቅም።

ማምሻውን ሾርባ ይዤላት ገባሁ። ይቅርታ ልላት አፌን ስከፍት እንባዬ ቀደመኝ። እሷ እቴ፣ ከመኝታዋ ቀና ብላ «አይዞሽ፣ ይሻልሻል» አለችኝ።

እናንተስ፣ ልጥቀም ብላችሁ የጎዳችሁት ሰው አለ? እስቲ አጫውቱኝ፣ ብቻዬን አልቅር።