ማሰሪያ የሌለው ጫማ

በከኒሳ ቀሴ ሰፈር ባለው የሌንሳ ፎቶ ኮፒ ቤት አንድ ሽማግሌ ሰኞ ሰኞ ይመጣሉ። ከረባታቸው ቀጥ ያለ፣ ኮታቸው የተተኮሰ ነው፤ ጫማቸው ግን ማሰሪያ የለውም። ተቃዋሚው ፓርቲያቸው አዳራሽ እንዲፈቀድለት የሚጽፉትን ደብዳቤ፣ ለራሳቸው ከሚይዙት የአባላት ስም ዝርዝር ጋር ኮፒ ያስደርጋሉ።

«ኦቦ፣ ማሰሪያ ልግዛልዎት?» አለቻቸው ሌንሳ ዛሬ።

«ተይው፣ ኢንተላ ኮ፣ ልጄ። ጣቢያ ሲያስገቡኝ መጀመሪያ የሚያስፈቱኝ እሱን ነው። ሲመልሱልኝ ደግሞ ሁልጊዜ አንዱ ይጎድላል።»

እሳቸው እንደ ወጡ፣ ከጠዋት ጀምሮ ማዶ በቆመ ባጃጅ ውስጥ ተቀምጦ የነበረ ጎልማሳ ገባ።

«አሁን የወጡት ሽማግሌ ያስደረጉትን፣ ለእኔም አንድ ኮፒ» አለ፣ ሰላምታ ሳይሰጥ።

ሌንሳ እጇን የማሽኑ ክዳን ላይ ጫነች። ሽማግሌው የስም ዝርዝሩን ከሥሩ ረስተውት ሄደዋል።