አራተኛው ሰው

ባለፈው ሰሞን አንድ የሞተ ሰው ስልኬ ላይ ሲዘፍን አየሁ። መሞቱን በደንብ አውቃለሁ፤ የአምስተኛ ክፍል ተማሪ ሳለሁ የሐዘን ደብዳቤውን የጻፍኩት እኔው ነኝ። ሰውዬው ሸብቷል፣ ቦርጭ አውጥቷል፣ ጆሮዎቹ ግን እንደ ድሮው ትልልቅ ናቸው። ስልኩን አጠፋሁት። ትንሽ ቆየሁና መልሼ ከፈትኩት። አሁንም ይዘፍናል።

ነገሩን ከሥር ከመሠረቱ ልንገራችሁ፤ ስነግራችሁ ምናልባት ለእኔም ይገባኝ ይሆናል።

ልጅ እያለሁ አሶሳ፣ እኛ ግቢ ውስጥ፣ ሚስ ሊን የምትባል አሜሪካዊት የእንግሊዝኛ አስተማሪ ተከራይታ ትኖር ነበር። አባቴ ከደብረ ማርቆስ ተመድቦ የመጣ የሒሳብ አስተማሪ ነው፤ አንድ ትምህርት ቤት ስለሚያስተምሩ ቤቱን ያገኘላት እሱ ነበር። ሚስ ሊን ማንጎ በጥርስ መላጥ አይሆንላትም። በቢላ ቆራርጣ፣ ሳህን ላይ ደርድራ፣ በሹካ እየወጋች ትበላለች። እኛ ክርናችን ድረስ ጭማቂ እየወረደ ስንስቅባት እሷም አብራን ትስቃለች። ሁለት ዓመት ኖራ ወደ አገሯ ስትመለስ ለእኔና ለጎረቤቴ ለሐዋ ቴፕዋንና አንድ ካሴት ትታልን ሄደች። ካሴቱ የታናሽ ወንድሟ ባንድ ነው።

የካሴቱ ወረቀት ላይ አራት ወጣቶች የዛገ መኪና ተደግፈው ቆመዋል። ጆሮ ትልልቁ የሚስ ሊን ወንድም ነው። የባንዱ ስም ረጅምና ለምላስ የማይመች ስለነበር እኛ በቀላሉ "አራቱ" አልናቸው። ዘፈኖቻቸው አጫጭር ናቸው፤ ገና መደነስ ሲጀመር ያልቃሉ። ጊታሩ ይንጫጫል፣ ከበሮው ይጣደፋል፣ መሐሉ ላይ ጭብጨባ አለው፣ ከዚያ አራቱም ድምፃቸውን አንድ ላይ ይለቁታል። የባትሪ ድንጋዩ ሲደክም ፀሐይ ላይ እናሰጣዋለን፤ ከሰዓት በኋላ ግሎ ሲመለስ አንድ ዘፈን ተኩል ያህል ያጫውተናል። የአሶሳ ፀሐይ ለዚህ ለዚህ ማን ብሏት።

አንድ ቀን አባዬን ግጥሙን ተርጉምልን ብለን ለመንነው። ጆሮውን ቴፑ ላይ ደቅኖ ሰማና፣ "ልጅቷ ስልክ አልደወለችለትም ነው የሚለው" አለን። የሚቀጥለውስ? "እዚህም አልደወለችም።" ግራ ገባን። ታዲያ ይህ ሁሉ ጭብጨባ ምንድን ነው? እኛ ሰፈር ያዘነ ሰው ቢዘፍንም ማዘኑ ከዜማው ይታወቃል። ቢሆንም ወደድናቸው። ከእነሱ ሌላ አሜሪካዊ ዘፋኝ ሰምተን ስለማናውቅ አሜሪካ ውስጥ እነሱን የሚስተካከል እንደሌለ እርግጠኞች ነበርን። እንዲያውም ፕሬዚዳንቱ ጠዋት ሲነሳ የሚሰማው የእነሱን ነው ብዬ ክፍል ውስጥ አውርቻለሁ። ማንም አልተከራከረኝም።

ሐዋ የበርታ ብሔረሰብ ልጅ ናት። አማርኛን የተማረችው ትምህርት ቤት ገብታ ስለሆነ ወንዱንም ሴቱንም "አንተ" ትላለች፤ እኔን ሴቷን እስከ ዛሬ "አንተ" ትለኛለች። እኔ በእሷ ቋንቋ ከሰላምታ ስለማላልፍ ማን በማን ይስቃል። ታላቅ ወንድሟ ያሲን ከአጎታቸው ጋር ዙምባራ ይነፋ ነበር። ዙምባራ ከቅል የሚሠራ ረጅም ጥሩምባ ነው። አንዱ ጥሩምባ የሚያወጣው አንድ ድምፅ ብቻ ነው፤ ዜማው የሚሞላው ሁሉም በየተራቸው ሲነፉ ነው። አንድ ሰው ከቀረ ዜማው የእሱ ቦታ ላይ ይጎድላል። እኔ ጫጫታ ብቻ በምሰማበት ሐዋ ዓይኗን ጨፈን አድርጋ "ዛሬ አንድ ሰው የለም" ትል ነበር። ዞር ብለን ስንቆጥር እውነትም አንድ ሰው ጎድሏል።

ሚስ ሊን በሄደች በዓመቱ ያሲን ሥራ ፍለጋ በኩርሙክ በኩል ወደ ሱዳን ተሻገረ። ጥሩምባውን እናቱ ግድግዳ ላይ ሰቀለችው። ወራት አለፉ፤ ወሬ የለም። አንድ ቀን ከኩርሙክ ሳሙናና ሽቶ ጭኖ የሚመጣ ነጋዴ አንድ ፎቶ አመጣላቸው። ሦስት ወጣቶች የጭነት መኪና ፊት ቆመው ይስቃሉ፤ የያሲን ጓደኞች ናቸው። ያሲን ግን የለበትም። ደብዳቤም የለውም። ነጋዴው ፎቶውን የተቀበለው ከሌላ ነጋዴ ስለሆነ የሚያውቀው ነገር አልነበረም። የሐዋ እናት ፎቶውን ጥሩምባው አጠገብ ለጠፈችው። ጎረቤት እየገባ አየ፤ ውስጥ ዝም አለ፣ ውጭ ወጥቶ አወራ። እማዬም ማታ ለአባዬ፣ "ልጁ በሕይወት ካለ፣ እሱ የሌለበትን ፎቶ ለምን ይልካሉ?" ስትል ሰማኋት። የትልቅ ሰው ንግግር ደስ ይለኝ ነበርና ያዝኩት።

ሁለተኛው ካሴት በአባዬ ትምህርት ቤት የፖስታ ሳጥን በኩል የመጣው ከዚያ ብዙም ሳይቆይ ነው። ፖስታው ላይ ያለው የሚስ ሊን ጽሕፈት ነው፤ ውስጡ ከካሴቱ በቀር ብጣሽ ወረቀት የለም። ሽፋኑን አየሁት። ሦስት ሰዎች የአንድ ሱቅ ደረጃ ላይ ተቀምጠዋል። ጆሮ ትልልቁ የለም።

"ሞቷል" አልኩ። "በሕይወት ካለ፣ እሱ የሌለበትን ፎቶ ለምን ይልካሉ?"

ሐዋ ፊቷ ልውጥ አለ። ካሴቱን ከእጄ ተቀብላ ቴፑ ውስጥ ከተተችው፤ ሁለቱንም ገጽ ከዳር እስከ ዳር ዓይኗን ጨፍና ሰማች። ከዚያ ቀና ብላ፣ "ጎዶሎ የለም። አራቱም አለ። እሱ አለ" አለችኝ።

"ፎቶው ላይ የለማ!"

"ፎቶውን ተወው አንተ። ስማ።"

አልሰማሁም። የሰፈሩን ልጆች ሰብስቤ ማንጎው ሥር ሰሌን አነጠፍኩ። ሟቹ ክርስቲያን ይሁን ሙስሊም ስላላወቅን ትንሽ ከተጨቃጨቅን በኋላ ሁለቱንም አደረግን፤ ግማሾቻችን እጃችንን ዘርግተን ፋቲሓ ቀራን፣ ግማሾቻችን ደረት መታን። ንፍሮ ሲቀር ግን ለቅሶው ለቅሶ አልመስል አለኝና ወደ ማድቤት ሄድኩ። እማዬ ማን ሞቶ ነው አለችኝ። የሚስ ሊን ወንድም አልኳት። የያዘችውን ማማሰያ ጥላ "ውይ! ውይ ልጄን!" ብላ እውነተኛ እንባ አነባች፤ ጨዋታው ከእጄ የወጣው ያኔ ነው። አባዬ ሽፋኑን አገላብጦ፣ "ደብዳቤ እኮ አልመጣም" ለማለት ሞክሮ ነበር። "ሐዘንተኛ ደብዳቤ ይጽፋል እንዴ?" አለችው እማዬ። "ሁለት ዓመት ደጃችን ኖራ ሳናጽናናት ብንቀር ምን ትለናለች?" አባዬ ሽፋኑን አስቀመጠና ወደ እኔ ዞረ። ወረቀት አምጪ አለኝ።

በእንግሊዝኛ የጻፍኩት እኔ፣ ያረመው አባዬ ነው። ወንድምሽ በመሞቱ እጅግ አዝነናል፣ እግዚአብሔር ያጽናሽ፣ ብለን ጻፍን። ወረቀቱ ስለተረፈኝ መጨረሻው ላይ "ዘንድሮ ማንጎው ብዙ ነው" ብዬ ጨመርኩበት። ከዚያ ሐዋን ፈርሚ አልኳት።

"አልፈርምም። አልሞተም።"

ልጆቹ ሁሉ ያዩናል። ተናደድኩ። "አንቺማ ያሲንም አልሞተም ነው የምትይው!" አልኳት።

ቃሉ ከአፌ እንደወጣ ልመልሰው ፈልጌ ነበር። ሐዋ ተነሳች። ነጠላ ጫማዋን እጇ ላይ ይዛ፣ የቀርከሃውን አጥር በቀዳዳው ሾልካ ቤቷ ገባች። እስከ ዓመቱ መጨረሻ አላናገረችኝም። ክፍል ውስጥ አንድ ዴስክ ላይ ተቀምጠን፣ ላጲስ ስትፈልግ ከኋላችን ያለውን ልጅ ነበር የምትጠይቀው።

ከአሜሪካ መልስ አልመጣም። አባዬ ከፖስታ ቤት በተመለሰ ቁጥር ዓይን ዓይኑን አያለሁ፤ ራሱን ይነቀንቃል። ሌላ ካሴትም አልመጣም። በሐዘን ተበተኑ አልኩ ለራሴ፣ እናም በዚሁ ዘጋሁት።

ጊዜው ሄደ። እኔ ሌላ አገር ተምሬ ተመልሼ አሁን አሶሳ ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት እሠራለሁ። ሐዋ ኩርሙክ ትነግዳለች፣ አራት ልጆች ወልዳለች። ከታረቅን ስንት ዘመናችን፤ ስለዚያ ቀን ግን አንስተን አናውቅም። የያሲን ወሬ እንደጠፋ ነው።

ባለፈው ሰሞን መጽሐፍ እየደረደርኩ ያ ጭብጨባ ያለበት ዘፈን አፌ ላይ መጣ። ትዝ ያሉኝን ቃላት ስልኬ ላይ ብጽፋቸው አዳራሽ ውስጥ የሚዘፍኑ አራት ሽማግሌዎች ቪዲዮ ወጣ። ዘፈኑን ሲጨርሱ አንድ ጠያቂ ታሪካቸውን ይጠይቃቸዋል፤ እኔም ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። ታሪካቸው እኔ ክፍል ውስጥ ካወራሁት ጋር ምንም አይገናኝም። ፕሬዚዳንቱ ቀርቶ የሰፈራቸው ሰው በቅጡ አያውቃቸውም ነበር። ካሴቶቹን ራሳቸው አሳትመው የሚሸጡት ከመኪና ላይ ነው። እዚያው መኪና ውስጥ እየተኙ ከከተማ ከተማ ይዞራሉ፤ አንዳንድ ቦታ የሚሰማቸው አስተናጋጁ ብቻ ነበር። በኋላ አንዱ ፍሪጅ ጠጋኝ፣ አንዱ የትምህርት ቤት አውቶቡስ ሾፌር ሆነና ተለያዩ፤ ሲያረጁ ናፈቃቸውና ተመለሱ። ያ ሁሉ መንከራተት ለምን እንደሆነ ጠያቂውም አልገባውም። እነሱም ራሳቸው አልገባቸውም መሰለኝ፣ ተያይተው ሳቁ።

ከዚያ ጠያቂው የሁለተኛውን ካሴት ሽፋን አነሳና ጆሮ ትልልቁን፣ አንተ የት ሄደህ ነው አለው።

"ያነሳሁት እኔ ነኛ" አለ ሰውዬው። "ካሜራ የነበረኝ እኔ ብቻ ነበርኩ።"

እጄ ላይ የነበረው መጽሐፍ ወደቀ። እሱ ግን ቀጠለ። በዚህ ፎቶ ምክንያት እህቱ ከኢትዮጵያ የሐዘን ደብዳቤ እንደደረሳት አወራ። እነሱ መንገድ ላይ ነበሩ፣ የሚደወልበት ስልክ የላቸውም። ሚስ ሊን ሁለት ቀን ሙሉ ሆስፒታሉን ሁሉ ስታዳርስ፣ ስታለቅስ ከረመች። በሦስተኛው ቀን እሱ ከአንድ ሱቅ ለሰላምታ ሲደውልላት ጮኸችበት። መልስ ልትጽፍልን ብዙ ጊዜ ተቀምጣ ነበር አለ፤ አልቅሰው ለጨረሱ ሰዎች አልሞተም ብሎ እንዴት እንደሚጻፍ ግን ጨነቃት። ደብዳቤው ዛሬም እሱ ቤት በመስታወት ገብቶ ተሰቅሏል። "ዘንድሮ ማንጎው ብዙ ነው" የሚለውን በቃሉ ሲወጣው አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። እኔ ልሳቅ ወይስ ላልቅስ ግራ ገባኝ። ሁለት ቀን ሙሉ ያስለቀስኳት እኔ ነኝ፤ እውነቱን የሰማችውን ልጅ ያስቀየምኳትም እኔ ነኝ።

ለሐዋ ደወልኩላት። የኩርሙክ ኔትወርክ እንደምታውቁት ነው፤ አራት ጊዜ ተቆርጦ አምስተኛው ያዘ።

"ሐዋ፣ የሚስ ሊን ወንድም አልሞተም።"

"እኔ መች ሞተ አልኩህ?"

"ፎቶውን ያነሳው እሱ ነበር። ስለዚያ ቀን... ይቅር በይኝ።"

 ተቆረጠ ብዬ ስልኩን ከጆሮዬ አንስቼ አየሁት፤ አልተቆረጠም።

"እንግዲያው ያሲንም ፎቶ ሲያነሳ ነበር በለኛ" አለችኝ።

እየቀለደች ይሁን እየለመነችኝ አላወቅኩም። አዎ ብላት እዋሻለሁ፤ አይ ብላት ለሁለተኛ ጊዜ መግደሌ ነው። መልሴን ሳትጠብቅ፣ "ለእናቴ ንገርልኝ" አለችና መስመሩ እውነትም ተቆረጠ።

የሐዋ እናት ቤት ከሥራዬ ሩብ ሰዓት መንገድ ነው። ሦስት ቀን አጥሩ ድረስ እየሄድኩ ተመለስኩ። ልጅ ሳለሁ አንድ ፎቶ አይቼ ሰው ሞተ ብዬ ፈርጄ፣ ለቅሶ አስቀምጬ፣ ለንፍሮ ማድቤት ሄጃለሁ፤ ሁሉም ነገር ይገባኝ ነበር። ዛሬ የተማርኩ ተብዬ ስንት መደርደሪያ መጽሐፍ እየጠበቅኩ አንድ የቀርከሃ በር ማለፍ አቃተኝ። የያኔዋን ልጅ ድፍረት ናፈቅኩ፤ በያኔዋ ልጅ ደግሞ አፈርኩ።

በአራተኛው ቀን ገባሁ። የሐዋ እናት አርጅታለች፤ መደቡ ላይ ተቀምጣ ደረቅ ባሚያ ታበጥራለች። ፎቶው ጥሩምባው አጠገብ እንደተለጠፈ ነው፤ የሦስቱ ልጆች ፊት ከፀሐይ ብዛት ሊጠፋ ምንም አልቀረው። ከሰላምታ በኋላ ያሰብኩትን ሁሉ ረሳሁትና ወደ ፎቶው እያመለከትኩ፣ "እማማ፣ ምናልባት... ምናልባት ይህን ያነሳው ያሲን ራሱ ይሆን እንዴ?" አልኳት።

ከባሚያው ቀና ብላ አየችኝ። እኔ ነኝ ግራ የገባኝ ወይስ እሷ፣ ለጊዜው መለየት አልቻልኩም።

"ታዲያ አንተ" አለችኝ እንደ ልጇ፣ "ይሄን ሁሉ ዓመት ማን ያነሳው መስሎህ ነው?"