የአባቴ የጉልበት ኪኒን

አባቴ የስኳር በሽታ እንዳለበት ሳውዝ ሲ በሚባለው የናይሮቢ ሰፈር የሚኖር ሐበሻ ሁሉ ያውቅ ነበር፤ የማያውቀው አባቴ ብቻ ነው።

ጊዜው በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ አጋማሽ ነው፤ ናይሮቢ ከገባን ጥቂት ዓመት ሆኖናል። አባቴ ውሃ አልጠግብ ብሎ፣ ሱሪውም ወገቡ ላይ አልቆም ሲለው ሐኪም ጋ ወሰድነው። እንግሊዝኛ አይችልም፤ ስዋሂሊውም ከማታቱ ታክሲና ከሱቅ አያልፍም። ስለዚህ የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ የሆነው አጎቴ፣ የእናቴ ወንድም፣ ሊያስተረጉም ከካሳራኒ በሁለት ማታቱ መጣ። የላቦራቶሪ ትምህርት ጀምሬ ስለነበር ማስተርጎሙ ለእኔ ይቀለኝ ነበር። ግን በእኛ ቤት ክፉ ወሬ በሽማግሌ አፍ ነው የሚነገረው። ልጅ ዝም ይላል።

ሐኪሟ ረጋ ብላ ሁሉንም አስረዳች። በሽታው ስኳር ነው፤ መድኃኒቱ የዕድሜ ልክ ነው፤ ጣፋጭ ይተው፤ እግሩን በየቀኑ ይመርምር፣ ቁስል እንዳያመልጠው። አጎቴ በጥሞና አዳመጠ። ጉሮሮውን ጠራረገና ወደ አባቴ ዞረ።

«ጉልበትህን ነው ያመመህ ትላለች።»

«ይሄን ሁሉ ያወራችው ስለ ጉልበቴ ነው?» አለ አባቴ።

«እንግሊዝኛ ረጅም ቋንቋ ነው» አለው አጎቴ።

ይህን የመከረችው እናቴ ነበረች። የአባቴ ታላቅ ወንድም አዲስ አበባ በስኳር በሽታ እግሩ ተቆርጦ፣ ብዙም ሳይቆይ ሞቷል። ከዚያ ወዲህ አባቴ የበሽታው ስም ሲነሳ ክፍሉን ጥሎ ይወጣል። እናቴ ምልክቱን ከዚሁ ከባሏ ወንድም ላይ ታውቀው ስለነበር ገና ሐኪም ጋ ሳንሄድ ተጠራጥራለች። «ስሙን ከሰማ በድንጋጤ ይሞትብኛል» ብላ አጎቴን አስማለችው። አባቴ ጉልበቱን እውነትም ያመው ነበርና አመነ። ኪኒኑም የጉልበት ኪኒን ሆነ።

የቀረው ስኳርን ከቤት ማስወጣት ነው። አጎቴ በእግዚአብሔር ስም መዋሸት ይፈራል። ስለዚህ አንድ እሁድ ከአምልኮ በኋላ ሳሎናችን ተቀምጦ «ለዚህ ቤት ሸክም አለብኝ» አለ። በእኛ ቤተ ክርስቲያን እንዲህ ሲባል እግዚአብሔር ነገረኝ ማለት ነው። ሸክሙን ማን እንደጫነበት አልተናገረም፤ በእሱ ቤት ይሄ ውሸት አይባልም። ቤተሰቡ ላልተወሰነ ጊዜ ከጣፋጭ እንዲጾም ተወሰነና አባቴ ከሁላችንም ቀድሞ እሺ አለ። እንግዳ ሲመጣ እናቴ በር ላይ ጠብቃ ታንሾካሹክለታለች። እንግዳውም መራራ ሻዩን ፊቱን እያጨማደደ ጠጥቶ «እንዴት ያለ ሻይ ነው» ይላል። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሴቶቹ «ስለ አንድ የታመመ ወንድማችን» ሲጸልዩ፣ ከአባቴ ይበልጥ አሜን የሚል አልነበረም።

በዚያው ሰሞን ትምህርት ቤት ሴሎች እንዴት እንደሚነጋገሩ እንማር ነበር። ቆሽት ኢንሱሊን የሚባል መልእክተኛ ወደ ደም ይልካል። መልእክተኛው ሴሉ ደጃፍ ላይ ያለውን ተቀባይ ሲያገኝ፣ ሴሉ በሩን ከፍቶ ስኳሩን ያስገባል። በአባቴ ዓይነት ሕመም ግን ሴሉ ጆሮ ዳባ ልበስ ይላል። ቆሽት አብዝቶ ይጣራል፣ እስኪደክመው ይጣራል፤ ስኳሩ ደጅ ተከምሮ ሴሉ ውስጥ ረሃብ ይሆናል። አስተማሪያችን ይህን ሲያስረዳ ሳቄ አመለጠኝና ከክፍል ወጣሁ። እኛ ቤት መልእክቱ የጎረቤት ዘበኛ ጋ ሳይቀር ደርሶ ነበር።

ማታውኑ እናቴን «እንንገረው» አልኳት።

«አንቺ ሴሉን ታውቂያለሽ፣ እኔ ባሌን አውቃለሁ» አለችኝ።

ባሏ ግን እንግዳ ነገር ጀመረ። ሳህን ያጥባል። እናቴ ሩንዳ ሰፈር አንድ የዲፕሎማት ቤት ምግብ ታበስል ነበርና፣ ስትመለስ ማታቱ ማቆሚያው ድረስ ሄዶ ቦርሳዋን ይቀበላል። «ቁጭ በይ፣ አትድከሚ» ይላታል። በትዳራቸው ሙሉ እንዲህ ብሎ አያውቅም። እናቴ ወጥ ቤት ገብታ «ሞቱ ታውቆት ነው» እያለች ታለቅሳለች። እሱ ደግሞ መታጠቢያ ቤት ይገባና ዓይኑ ቀልቶ ይወጣል። እኔ መሀል ቆሜ ለማን እንደማዝን ግራ ገባኝ።

አንድ ቅዳሜ ጠዋት አባቴ ከውጭ ሲገባ ወለሉ ላይ የደም ፈለግ አየሁ። ፈለጉ እስከ ጫማው ይደርሳል። አባቴ ጋዜጣ ይዞ፣ ደህና ሆኖ ተቀምጧል። ጫማውን ሳወልቅለት ከሶሉ ሚስማር ብቅ ብሏል፤ ስንት ቀን ሲወጋው እንደከረመ እንጃ፤ የእግሩ አውራ ጣት ቆስሎ ጠቁሯል።

«ይሄ የማነው?» አለኝ ጣቱን እያየ።

ሐኪም ጋ ይዘነው በረርን፤ አጎቴም ተጠርቶ መጣ። ሐኪሟ ቁስሉን አይታ፣ ጣቱ ዛሬውኑ ካልተቆረጠ ወደ እግሩ እንደሚወጣ ተናገረች።

«ዳክታሪዋ ምን አለች?» አለ አባቴ።

አጎቴ ጉሮሮውን ጠራረገ። «ጫማህ ጠቦሃል ትላለች።»

በሕይወቴ እንደዚያ ተናድጄ አላውቅም። «አባባ፣ የስኳር በሽታ አለብህ» አልኩት። «ከመጀመሪያው ጀምሮ አለብህ። ጾሙም ለዚህ ነው፣ ኪኒኑም የስኳር ነው። ዛሬ ጣትህ ካልተቆረጠ እግርህ ይሄዳል።»

እናቴ ይዛው የነበረውን ክንዱን ይበልጥ ጨበጠች። አባቴ ወደ እሷ አየ፣ ወደ እኔ አየ። አልሞተም።

«የእናትሽስ ስኳር እንዴት ነው?» አለኝ።

«የእማዬ ምን?»

ሁሉም ነገር የወጣው ያን ጊዜ ነው። ስኳሩ ከቤት ሲጠፋ፣ እናቴና አጎቴ ሲንሾካሾኩ፣ በእኔ መጽሐፍ ውስጥ የቆሽት ሥዕል ሲያይ፣ አባቴ የታመመችው ሚስቱ እንደሆነች ደምድሟል። እንዳትደነግጥበት ብሎ ዝም አለ። እሷን እንዳያስጎመጃት ጣፋጩን ከቤት ውጭ አደረገ፤ በየጠዋቱ ጥጉ ላይ ካለው ኪዮስክ ሶዳ በማንዳዚ፣ በዘይት በተጠበሰ ጣፋጭ ሊጥ፣ ይበላ ነበር። ኪኒኑንም ጉልበቱን ስላላሻለው ጉልበታቸውን ለሚያማቸው ጎረቤታችን፣ ለኤርትራዊው ሽማግሌ ሰጥቷቸዋል። እሳቸው ሆዳቸው ተበላሽቶ ሳምንቱን ወደ ሽንት ቤት ሲሮጡ ከርመው፣ «ለጉልበትስ ፍቱን ነው» ብለው አመስግነውታል።

«እና እሷ የለባትም?» አለ።

«የለባትም።»

«ተመስገን» አለ አባቴ፤ ፊቱ እውነትም በራ። እናቴ መሬት ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች። ሐኪሟ ለአጎቴ በእንግሊዝኛ ምን ተፈጠረ አለችው። አጎቴ ጉሮሮውን ጠራረገና ወደ እኔ ዞረ።

ለማደንዘዣው ሲያዘጋጁት አባቴ እጄን ያዘ። «እኔ የምለው፣ ሚስማር ሲወጋኝ እንዴት አላመመኝም?»

«ነርቭም ሴል ነው አባባ። እግርህ ሲወጋ ወሬውን ወደ አንጎልህ የሚያደርሰው እሱ ነው። ስኳሩ ስለጎዳው ዝም አለ።»

የተጠቀለለ እግሩን ትክ ብሎ አየው። «ለካ እግሬም ዘመድ ነው» አለ። «እንዳልደነግጥ ብሎ ደበቀኝ።»

ጣቱ ሄደ፣ እግሩ ተረፈ። ከዚያ በኋላ ቤታችን አዲስ ሥርዓት ገባ። ጉልበቱ አልታጠፍ ስለሚለው አባቴ የውስጥ እግሩን ራሱ ማየት አይችልም። እናቴ ከሩንዳ ስትመለስ ዱካ ላይ ትቀመጥና እግሩን ጭኗ ላይ አድርጋ፣ በጣቶቹ መሀል ሳይቀር ታያለች።

«ምን ይላል?» ይላታል።

«ደህና ነው» ትለዋለች። ለረጅም ጊዜ እውነትም ደህና ነበር።

አንድ ቀን ግን እጇ ተረከዙ ላይ ቆመ። ቀና ብላ አየችኝ። እኔ ሆነ ብዬ መጽሐፌ ላይ አቀረቀርኩ።

«ምን ይላል?» አለ አባቴ ደግሞ።

እናቴ ፊቷን ወደ እሱ አዞረች።

«ተረከዝህ ቀልቷል» አለችው።